መብራትም፣ ምሰሶም

የእኔ በረንዳና የእሷ በረንዳ ቢራራቁ ሦስት ሜትር ነው። ቤይሩት፣ አሽረፊየ ሰፈር፣ አምስተኛ ፎቅ። እኔ የማዳምን አንሶላ ሳሰጣ እሷም የእሷን ማዳም አንሶላ ታሰጣለች። ስሟን አልጽፍም። አቴ ነበር የምላት፤ ፊሊፒኖዎች ታላቅ እህታቸውን እንደዚያ ነው የሚጠሩት፣ እኛ እትዬ እንደምንለው። አንድ ጠዋት «ዕረፍትሽ መቼ ነው?» አለችኝ፣ ሁለታችንም ከማዳሞቻችን በለቃቀምነው ዐረብኛ። ዕረፍት የሚባል ነገር እንደሌለኝ ነገርኳት። «ኮንትራትሽስ ምን ይላል?» ኮንትራቴ ማዳም ቁም ሳጥን ውስጥ ተቆልፎበታል፤ ስፈርምም ያነበበልኝ አልነበረም። አቴ ወደ ውስጥ ገባችና በፌስታል የተጠቀለለ ወረቀት ይዛ ተመለሰች። ከማርያም ሥዕል ጀርባ ነው የምታኖረው። ጣቷን አንድ መስመር ላይ አሳርፋ ቀስ ብላ ነገረችኝ፤ በሳምንት አንድ ቀን ዕረፍት። ከዚያ እርጥቡን አንሶላ አራግፋ ማስጣቷን ቀጠለች።

ይህን ማኒፌስቶ የምጽፈው ከዚያች መስመር ተነሥቼ ነው። መስመሯን ወረቀቱ ላይ ያስቀመጣት የአሠሪዋ ደግነት አልነበረም። አገሯ ያሉ ሴቶች ሰልፍ ወጥተው፣ ታስረው፣ ፓርላማ ገብተው፣ እህቶቻቸውን ቀብረው ነው ያስጻፏት። ያን ቀን ይህን አላውቅም ነበር። «እኛ» ስል በሰው ቤት ያገለገልነውን፣ ልጆቻችንን ለእናቶቻችን ትተን የሄድነውን፣ የላክነው ገንዘብ ተቆጥሮ ድምፃችን ያልተቆጠረውን ሁሉ ማለቴ ነው፤ ፊሊፒናዊቷንም ኢትዮጵያዊቷንም። ትግሉ የፊሊፒንስ ሴቶች ነው። እኛ ተማሪዎቻቸው ነን፤ የተማርነውን በአደባባይ እናውጃለን።

እነሱ ዘንድ አባት የቤቱ ምሰሶ፣ እናት የቤቱ መብራት ትባላለች። እኛ ዘንድ ምሰሶ የምትባለው ብዙ ጊዜ ሴቲቱ ናት። ስሙ ይለያይ እንጂ ሸክሙ አንድ ነው። መብራት መባል ያምራል። ጧፍ ያየ ሰው ግን ያውቀዋል፤ የሚያበራው እያለቀ ነው። ቤቱን ያበራችው ሴት ከቤቱ ውጪ ያለውን ሕግ እንድታነብ፣ እንድትጽፍ፣ ካልበጃት እንድትቀይር እንሻለን። ለዚህ ደግሞ የፊሊፒንስ ሴቶች ረጅም ታሪክ አላቸው።

ከመብራቱ አባባል የሚቀድም ተረት አለ። በመጀመሪያ ቀርከሃ ነበረ፤ ወፍ መጥታ ስትቆረቁረው ተሰነጠቀና ወንድና ሴት አብረው ወጡ። ወንዱ ማላካስ፣ ብርቱው፤ ሴቲቱ ማጋንዳ፣ ውቢቱ። ስም ሲወጣ ብርታት ለእሱ ውበት ለእሷ መሰጠቱ እኔን ይከነክነኛል። ቢሆንም አንዳቸው ሌላውን አልቀደሙም። ቋንቋቸውም ይህን አልረሳም፤ በታጋሎግ እሱም እሷም «ሲያ» ነው፣ ባልም ሚስትም «አሳዋ» ነው። ስፔኖች በ1565 (ቀኑንም ዓመቱንም በፈረንጆቹ ነው የምቆጥረው) ሲሰፍሩ ያገኟቸው ሴቶች ንብረት ነበራቸው፣ ትዳር አልሆን ሲላቸው ይፈቱ ነበር። ባባይላን የሚባሉት፣ በሽተኛ የሚፈውሱትና ከመናፍስት ጋር የሚነጋገሩት፣ አብዛኞቹ ሴቶች ነበሩ። ያ ዘመን ገነት ነበር አልልም፤ ጌታም ባሪያም ነበረበት። ግን ሴት ዝም ማለቷ የጥንት ባህላችን ነው ለሚለው ሰው መልሱ እዚያ አለ። ዝምታው ከውጭ የመጣ ነው፤ ባባይላኗን ጠንቋይ ብሎ ካባረረ ሥርዓት ጋር የመጣ።

በ1763 ጋብሪኤላ ሲላንግ የሚሏት ሴት ባሏ ዲዬጎ በተገደለ ማግሥት በኢሎኮስ ክልል በስፔኖች ላይ የተነሣውን አመፅ ተረክባ አራት ወር ያህል መራች። በመስከረም ቪጋን ከተማ ሰቀሏት። ከሁለት መቶ ዓመት በላይ ቆይቶ፣ በ1984፣ በፕሬዚዳንት ማርኮስ አምባገነንነት ላይ የተነሡ የሴቶች ማኅበራት ሲጣመሩ ለጥምረታቸው የሰጡት ስም የእሷን ነው። ጋብሪኤላ።

እኔን ከሁሉ የሚያስደንቁኝ ግን የማሎሎስ ከተማ ልጃገረዶች ናቸው። ታኅሣሥ 12 ቀን 1888 ሃያ ወጣት ሴቶች ደብዳቤ ጽፈው ለስፔኑ ጠቅላይ ገዥ ለዌይለር ሰጡ። የጠየቁት የማታ ትምህርት ቤት ነው፤ ስፔንኛ ለመማር። ነገሩ ትንሽ ይመስላል። ሕጉም፣ የፍርድ ቤቱም ወረቀት፣ የመሬቱም ውል የሚጻፈው በስፔንኛ ነበር። የአጥቢያው ቄስ ተቃወሙ። ልጃገረዶቹ ግን አልተዉትም፤ በየደጁ እየተመላለሱ በሁለተኛው ወር አስፈቀዱ። ጸሐፊው ሆሴ ሪዛል ይህን ሰምቶ ከለንደን በታጋሎግ ረጅም ደብዳቤ ጻፈላቸው። ትምህርት ቤቱ ዕድሜው ወራት ብቻ ነበር። እኔ ስለ እነሱ ሳነብ የታየኝ የማዳም ቁም ሳጥን ነው፣ እዚያ ውስጥ ተቆልፎ የቀረው፣ ማንበብ በማልችለው ፊደል የተጻፈው ኮንትራቴ። እነዚያ ሃያ ልጃገረዶች ሰው የሚገዛው በማያነበው ወረቀት መሆኑን ከእኔ በፊት ከመቶ ዓመት በላይ ቀድመው ገብቷቸዋል። ስለዚህ የመጀመሪያው አዋጃችን ይህ ነው፤ ማንኛዋም ሴት በማታነበው ቋንቋ በተጻፈ ወረቀት ላይ አትፈርምም፣ አታስፈርሟት።

ድምፅ የመስጠት መብትም በልመና አልመጣም። የ1935ቱ ሕገ መንግሥት ለሴቶች አንድ ፈተና ደቀነ፤ ቢያንስ 300,000 ሴቶች ወጥተው «እንፈልጋለን» ካላሉ መብቱ አይሰጥም። ለወንዶች እንዲህ ያለ ፈተና ማንም አላቀረበም። ሴቶቹ ከቤት ቤት፣ ከገበያ ገበያ፣ ከደሴት ደሴት ዞሩ። ሚያዝያ 30 ቀን 1937 ኮሮጆው ሲቆጠር 447,725 ሴቶች ይሁን ብለዋል፤ አይሁን ያሉት 44,307 ናቸው። ይህን ቁጥር በቃሌ ይዤዋለሁ። ሴቶች ራሳቸው አይፈልጉትም ለሚለኝ ሁሉ የምመልሰው እሱን ነው።

ነገር ግን ድምፅ ማግኘት ሁሉን ነገር ለመናገር አያስችልም። ጃፓን ፊሊፒንስን በያዘችበት ጦርነት ወታደሮቿ ያገቷቸው፣ በየጦር ሰፈሩ የደፈሯቸው ሴቶች ሃምሳ ዓመት ያህል ዝም አሉ። ማሪያ ሮሳ ሄንሰን ስትያዝ በአሥራዎቹ ዕድሜ የነበረች ልጅ ናት። አገባች፣ ወለደች፣ አያት ሆነች፤ ምሥጢሩ ከእሷ ጋር አረጀ። በ1992 እንዲህ ዓይነት ግፍ የደረሰባቸው ሴቶች እንዲወጡ የሚጠራ ድምፅ በሬዲዮ ሰማች። በመስከረም ወጥታ በአደባባይ ተናገረች፤ በፊሊፒንስ የመጀመሪያዋ እሷ ናት። ከዚያ በኋላ ሌሎች ሎላዎች፣ ማለትም አያቶች፣ በየተራ መጡ። በታኅሣሥ 2017 ማኒላ ሮክሳስ ጎዳና ላይ ዓይኖቿ የተሸፈኑ ሴት ሐውልት ቆመላቸው። በሚቀጥለው ሚያዝያ አነሡት። ሐውልቱ ይመለስ የሚሉ ሴቶች ዛሬም አሉ፤ እኛም ከእነሱ ጋር ነን። ነውሩ የደፋሪው ነው። በቤተ ዘመድ «ተይው፣ ስም ይጠፋል» ሲባል የሰማች ሴት ሁሉ የሎላ ሮሳን አገር ሴቶች ታስብ።

ማርኮስ በ1972 የጦር ሕግ ሲያውጅ ብዙ ሴቶች ተማሪዎች፣ መነኮሳት፣ ሠራተኞች ታስረዋል፣ ተሰቃይተዋል፣ ተገድለዋል። ከዚያ ሁለት ዓመት ቀደም ብሎ ማኪባካ የተባለው የወጣት ሴቶች ድርጅት የቁንጅና ውድድር በር ላይ ቆሞ ሴት የምትታይ ዕቃ አይደለችም ብሎ ነበር። መሪያቸው ሎሬና ባሮስ ጫካ ገባች፤ በ1976 ተገደለች፣ የ28 ዓመት ሴት። የ1986ቱን የምርጫ ማጭበርበር ያጋለጡት ደግሞ በኮምፒዩተር ፊት የተቀመጡ ባለሙያዎች ናቸው። የካቲት 9 ምሽት ሰላሳ ያህል የምርጫ ኮሚሽኑ ቴክኒሻኖች፣ አብዛኞቹ ሴቶች፣ የሚያስገቡት ቁጥርና ሰሌዳው ላይ የሚወጣው ቁጥር አልገጥም ሲላቸው ዲስኮቻቸውን ይዘው ተነሥተው ወጡ። በባክላራን ቤተ ክርስቲያን ተጠለሉ። ሁለት ሳምንት ሳይሞላ ሕዝቡ ኤድሳ ጎዳና ላይ ወጣ፤ መነኩሲቶች መቁጠሪያቸውን ይዘው ታንክ ፊት ተንበረከኩ፤ ማርኮስ ሸሸ፤ ኮራዞን አኪኖ ፕሬዚዳንት ሆነች። በቤተ መንግሥት ሴት ገባች ማለት ግን በየጎጆው ሴት ተነሣች ማለት አይደለም። ከእሷ በኋላም በ2001 ሁለተኛ ሴት ፕሬዚዳንት መጣች፤ የቤት ሠራተኛዋ ግን ያኔም በሕግ በቅጡ ያልተጠበቀች ነበረች። ወንበር ላይ ያለችውን ሴት እናከብራለን፤ የምንመዝናት ግን መሬት ላይ ባለችው ሴት ኑሮ ነው።

መሬት ላይ ያለው ነገር የተቀየረው በሕግ ውትወታ ነው፣ አሰልቺ በሆነው፣ ዓመታት በሚበላው፣ ፎቶ በማያምርበት ሥራ። እስከ 1997 ድረስ ፊሊፒንስ ውስጥ መደፈር በሕጉ የሚቆጠረው ንጽሕናን እንደ መድፈር ነበር፤ ከዚያ ዓመት ወዲህ ግን ሰው ላይ የሚፈጸም ወንጀል ነው። የቃሉ መቀየር ፍርድ ቤት ቆማ ለምትጠየቅ ሴት ምን ማለት እንደሆነ አስቡት። በ2004 በሴቶችና በልጆች ላይ የሚደርስ ጥቃትን የሚከላከለው ሕግ ወጣ። በዚህ ሕግ የተደበደበች ሚስት ከተማ ወርዳ ጠበቃ እስክትቀጥር አትጠብቅም። ባራንጋይ ወደሚሉት፣ የእኛን ቀበሌ ወደሚመስለው ጽሕፈት ቤት፣ በእግሯ ትሄዳለች፤ ሊቀ መንበሩ በዚያው ቀን የጥበቃ ትእዛዝ ይጽፍላታል፤ ባልየው ለአሥራ አምስት ቀን አይደርስባትም። ለሕክምናዋና ለክሷ ከሥራ አሥር ቀን ከነደመወዟ ትወጣለች። አሥራ አምስት ቀን አጭር ነው። ልጆቿን ይዛ እናቷ ቤት ለምትደርስ፣ ፍርድ ቤት ረዘም ያለውን ትእዛዝ እስኪሰጣት ለምትጠብቅ ሴት ግን በሕይወት መትረፊያ ነው። በየቀበሌው እንዲህ ያለ ጠረጴዛ፣ እንዲህ ያለ ብዕር፣ እንዲህ ያለ ማኅተም እንፈልጋለን።

የሥነ ተዋልዶ ጤና ሕጉ ከአሥር ዓመት በላይ ከተከራከሩበት በኋላ በ2012 ጸደቀ፣ ፍርድ ቤት ደግሞ እስከ 2014 አቆየው። የወሊድ ፈቃዱ በ2019 105 ቀን ደረሰ። አንዲት ልጅ ለግብረ ሥጋ ፈቃዷን ሰጠች የሚባልበት ዕድሜ እስከ 2022 ድረስ 12 ነበር፤ አሥራ ሁለት። ዛሬ 16 ነው። ይህን ስጽፍ የሚያመኝ፣ የዘጠና ዓመት ሕግ ስንት ሕፃናትን እንደረገጠ ስለማስብ ነው።

ያልተነካው ደግሞ አለ። ፊሊፒንስ ውስጥ፣ ከሙስሊሞች በስተቀር፣ ሕጋዊ ፍቺ የለም። በዚህ ዓለም ላይ ከእሷ ጋር የምትቆጠረው ቫቲካን ብቻ ናት። በአሜሪካኖች ዘመን ግን ጠባብ የፍቺ ሕግ ነበራቸው፤ ያነሣው በ1950 ሥራ ላይ የዋለው ፍትሐ ብሔር ሕግ ነው። ዛሬ ትዳሯ የሞተባት ሴት ጋብቻው ከመጀመሪያውም እንዳልነበረ ማስረዳት አለባት፤ ይህ የሀብታም ክስ ነው፣ የልብስ አጣቢ ደመወዝ አይደርስበትም። በ2024 ግንቦት የተወካዮች ምክር ቤት የፍቺ ረቂቁን አሳለፈው፤ ከሴኔቱ ግን ሕግ ሆኖ አልወጣም። ሌላም አለ። ከ1930 የወንጀል ሕግ የወረደው አንቀጽ ሚስት አንድ ጊዜ ከሌላ ወንድ ጋር ብትገኝ ያስቀጣታል። ባል እንዲቀጣ ግን ውሽማውን እዚያው ቤቱ ማስገባት፣ አለዚያም በአደባባይ አሳፋሪ በሆነ መንገድ መገኘት፣ አለዚያም ከእሷ ጋር ሌላ ቤት መኖር አለበት። አንድ ጥፋት፣ ሁለት ሚዛን። እኔ ቤተ ክርስቲያን ሳሚ ነኝ፤ አቴም ነበረች፣ እሁድ እሁድ ሐምራ ወዳለው ቤተ ክርስቲያናቸው ስትሄድ ነጠላ ዓይነት ነገር ጣል ታደርግ ነበር። ቃል ኪዳንን ማክበር እናውቃለን። የምንጠይቀው ቃል ኪዳኑን ያፈረሰውና የተደበደበችው በአንድ ሰንሰለት ታስረው እንዳይቀሩ ነው።

አሁን ወደ እኛ ወደ ተሰደድነው ልምጣ። የፊሊፒንስ መንግሥት ዜጎቹን ለሥራ ወደ ውጭ መላክን በ1974 በሕግ አደራጀው። ዛሬ ውጭ ያሉት በዓመት ከ30 ቢሊዮን ዶላር በላይ ይልካሉ፤ ለሥራ ከወጡት ከግማሽ በላይ ሴቶች ናቸው። አዳዲስ ጀግኖች ይሏቸዋል። ጀግና ማለት ወጪ የለውም። በመጋቢት 1995 ሲንጋፖር ፍሎር ኮንቴምፕላሲዮን የተባለችውን የቤት ሠራተኛ በነፍስ ማጥፋት ከስሳ ስትሰቅላት ፊሊፒንስ ነደደች፤ ሕዝቡ መንግሥት ልጃችንን አልደረሰላትም ብሎ ወጣ፤ የውጭ ጉዳይ ሚኒስትሩ ለቀቁ። በሦስት ወር ውስጥ የስደተኛ ሠራተኞች ሕግ ወጣ። በ2006 ለቤት ሠራተኞች 400 ዶላር ዝቅተኛ ደመወዝ ተቆረጠ፣ ከሠራተኛዋ ኪስ የኤጀንሲ ክፍያ መውሰድ ተከለከለ። በ2012 ፊሊፒንስ ስለ ቤት ሠራተኞች የወጣውን ዓለም አቀፍ ስምምነት ከኡራጓይ ቀጥላ አጸደቀች፤ ስምምነቱ እንዲጸና ሁለት አገር ያስፈልግ ነበርና የዓለም የቤት ሠራተኞች ሁሉ ሕግ በእሷ ፊርማ ነቃ። ያ ሕግ እንደ እኔ ላለችውም የታሰበ ነው፤ አቴ ግን ይህን ስትነግረኝ አንዴም አልተመጻደቀችም። በ2018 አንዲት ፊሊፒናዊት ኩዌት ውስጥ ማቀዝቀዣ ውስጥ ሞታ ከተገኘች በኋላ ደግሞ፣ አሠሪ የሠራተኛን ፓስፖርትና ስልክ እንዳይቀማ ሁለቱ አገሮች ተፈራረሙ።

እያንዳንዱ መስመር በአንድ ሬሳ ሲጻፍ ልብ አድርጉ። ይህ ነው ማብቃት ያለበት። ሕጉ ሬሳውን ይቅደም።

ፊሊፒኖዎች ደግሞ አንድ ነገር አድርገዋል፣ ለእኛ ለኢትዮጵያውያን ከሁሉ የሚከብደን። ውጭ አገር የጠየቁትን መብት በ2013 አገራቸው ውስጥ ላለችው የቤት ሠራተኛ ሰጡ። የጽሑፍ ውል፣ በቀን ስምንት ሰዓት ዕረፍት፣ በሳምንት አንድ ሙሉ ቀን፣ ማኅበራዊ ዋስትና። የእኛ የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 (ይህኛው ዓመት በእኛው አቆጣጠር ነው) የቤት ሠራተኛዋን ትቶ ጉዳይዋን ወደፊት ለሚወጣ ደንብ አሳድሯል። ከቤይሩት ተመልሼ እናቴ ቤት ስገባ ወጥ የምትሠራው ልጅ የምትተኛው ማድ ቤት ነበር። ማዳምን የተጣላሁበት ነገር ሁሉ እናቴ ቤት ጠበቀኝ። በዚያ ሳምንት ያደረግሁት አልጋ መግዛትና እሁድን ለእሷ መተው ነበር፤ ይህም ደግነት ተብሎ እንዲወራ አልፈልግም፣ ዕዳ ነው።

በጥር 2015 ቤይሩት ላይ የፊሊፒንስ፣ የኢትዮጵያ፣ የሌሎችም አገሮች የቤት ሠራተኞች አንድ ማኅበር መሠረቱ። የአገሩ የሥራ ሚኒስቴር አላወቀውም። በ2017 የእኛ ልጆች «እኛ ለእኛ በስደት»ን አቋቋሙ። በ2020 ወረርሽኙና የኢኮኖሚው ውድቀት ሲደራረብ አሠሪዎች ኢትዮጵያውያቱን ሻንጣቸውን ይዘው አስፋልት ላይ ሲጥሏቸው እንጀራና ፍራሽ ይዘው የደረሱት እንዲህ ያሉ ሴቶች ናቸው። ስለዚህ ይህ ማኒፌስቶ ከዜሮ የሚጀምር አይደለም። ድልድዩ አለ፣ ተረግጦበታል። የምንጨምርበት በየከተማው የሚያነብቡ ሴቶችን ነው፣ ለአዲስ ገቢዋ ኮንትራቷን በቋንቋዋ የሚያነብቡላት፣ እንደ ማሎሎስ ልጃገረዶች የማታ ትምህርት ቤት፣ እሁድ ከሰዓት የቤይሩቱ ዶራም ይሁን ዱባይ ወይም ጅዳ። ኤምባሲዎቻችን ተጠያቂነት እንዲኖራቸው፣ የደመወዝ ወለል በፓስፖርት ቀለም እንዳይለያይ እንጠይቃለን። አቴና እኔ አንድ ዓይነት መስኮት ጠርገን እሷ ከእኔ እጥፍ ያህል ይከፈላት ነበር። አልቀናሁባትም፤ የእሷ ወደ እኔ እንዲወርድ ሳይሆን የእኔ ወደ እሷ እንዲወጣ ነው የምፈልገው።

አንድ ነገር ልጨምር፣ በቅርብ ያየሁትን። ፊሊፒኖዎች ወደ አገራቸው ትልቅ ካርቶን ይልካሉ፤ ባሊክባያን ቦክስ ይሉታል። አቴ ካርቶኑን አልጋዋ ሥር ወራት ታቆየዋለች፤ በየሳምንቱ አንድ ነገር ትጨምርበታለች፣ ሳሙና፣ የጥርስ ሳሙና፣ የታሸገ ሥጋ፣ ቸኮሌት። ክፍት ቦታ አይባክንም፤ ካልሲው ጫማው ውስጥ፣ ሻምፑው ካልሲው ውስጥ ይገባል። ለጫማው ልኩን የምታገኘው እናቷ በምትልክላት ወረቀት ነው፤ ልጇን ወረቀት ላይ አቁመው ዙሪያውን በእርሳስ ያሠምሩታል። ግድግዳዋ ላይ አራት እንዲህ ያሉ ወረቀቶች ለጥፋ ነበር፣ የአራት ዓመት እግር፣ አንዱ ከአንዱ ጣት ያህል የሚበልጥ። አራተኛውን ስትለጥፍ እዚያው ነበርኩ። እጇን አወጣችና መዳፏን ወረቀቱ ላይ አስቀመጠች። ተረከዙ ከአንጓዋ ሲነሣ የአውራ ጣቱ ጫፍ የመሐል ጣቷን አልፎ ሄዷል። «ሄደብኝ» አለችኝ።

የምንታገልለት ቀን ያ እግር ራሱ መዳፏ ላይ የሚቆምበት ነው። ሥራ ፍለጋ መውጣት ለፈለገች ክፍት ይሁን፤ መውጫ ስላጣች ብቻ የምትወጣ ሴት አትኑር። ማኒላ ላይ የኢሎኮስ ሴት፣ አዲስ አበባ ላይ የወሎ ልጅ፣ ደመወዟን ተቀብላ፣ ማታ ቤቷ ገብታ፣ የራሷን አንሶላ አስጥታ፣ ልጇን ጫማ መደብር ወስዳ «ቁጥሩ ስንት ነው?» ስትባል ጎንበስ ብላ፣ ጣቷን ተረከዙና ጫማው መካከል ከትታ፣ «ትንሽ ሰፋ ያለ አምጣልኝ፣ ያድጋል» የምትልበት።